መርፌ የመረጣቸው ገጾች

ሶስና መርፌውን የምትሰካው የቀሚሷ ኪስ ገበር ላይ ነው። የምትሰካውም ቤቷ ሳለች ነው፤ የምትሠራበት የወረቀት ጽሕፈት ቤት ደርሳ ኪሷን ስትጎረጉር ብትታይ ሰው ምን ጠፋሽ ማለቱ አይቀርም። ሰክታ ስትጨርስ እንዳይነካት ሄድ መለስ ብላ ትሞክረዋለች፤ ከዚያ በሩን ቆልፋ ባጃጅ ትይዛለች።

ባጃጁ ሾፌር የለውም። የከዚራን ሰፈር በዛፎቹ ሥር እያቋረጠ ሲሄድ ግራና ቀኝ ያሉት ግድግዳዎች ለእሷ የሚሆነውን ሥዕል ያሳዩዋታል፤ አጠገቧ ለተቀመጠችው ሴትዮ ደግሞ ለሴትዮዋ የሚሆነውን። በድሬዳዋ የማይወደውን ነገር የሚያይ ሰው ከጠፋ ቆይቷል። ሶስና ልጅ ሳለች አንድ ቀን ባሕር ደስ ይለኛል ብላ ነበር፤ ይኸው እስከ ዛሬ ግድግዳው ሁሉ ለእሷ ባሕር ነው። የትምህርት ቤቱ አጥርም፣ የፋርማሲው ጀርባም፣ የመቃብሩ ግንብም ባሕር ነው። እውነተኛውን ባሕር አይታው አታውቅም፤ አሁንማ ማየትም አትፈልግም። ግን ይህን ለማን አቤት ትላለች? ግድግዳ አንዴ የነገሩትን አይረሳም።

ወረቀት እንዲህ አይደለም። ወረቀት ላይ የተሳለ ፍየል ለወደደውም ለጠላውም ፍየል ነው፤ ማንንም አይቶ አይለዋወጥም። ስለዚህ በወረቀት ልታተም የሚል መጽሔት ለዚህ ሁሉ ግትርነቱ ምክንያት ማቅረብ አለበት፤ ተቀባይነት ያለው ምክንያት ደግሞ ሰውን ማስደነቁ ብቻ ነው። ደንቡ አጭር ነው። ተመልካች ይቀመጣል፣ ገጹ አንድ በአንድ ይገለጥለታል፣ አንዱ ገጽ እንኳ የዓይኑን ብሌን ድንገት ካሰፋው አረንጓዴ መብራት ይበራና እትሙ ያልፋል። ካልበራ ወረቀት የለም። በከተማው ለዚህ ፈተና የሚቀርብ መጽሔት አንድ ብቻ ቀርቷል፤ «ግልብጥ» ይባላል። ለእሱ የተመደበችው ተመልካችም ሶስና ብቻ ናት።

«ግልብጥ» እንደ ስሙ ነው። ሽፋኑ መሀሉ ላይ ነው፣ የሚጀምረው ከመጨረሻው ነው፣ አንዳንዱን ገጽ አጥፈው ባርኔጣ ካላደረጉትና መስታወት ፊት ካልቆሙ አይነበብም። አንድ ጊዜ ቲማቲሞች ዣንጥላ ይዘው ለሰልፍ ወጥተውበታል። አንድ ጊዜ ደግሞ ጽሑፉ በሙሉ የገጹ ዳር ዳር ላይ ተደርድሮ መሀሉ ለሚደክመው ሰው ማረፊያ ተብሎ ተትቷል። ይህን ሁሉ የሚስለው፣ የሚቆርጠው፣ የሚያትመውና የሚሰፋው ጋሽ ያፌት የሚባል ሰውዬ ነው፤ ረጅም፣ ሰባ ዓመት ያለፈው፣ ጥፍሩ ሥር ያለው ቀለም ከቆዳው ጋር የተዋሃደ። ግራ ዓይኑን ሞራ ጋርዶታል። ድሬ ላይ አንቱታ ብዙም ስለማይወደድ ሶስና በአባቷ ዕድሜ ያለውን ይህን ሰው አንተ ነው የምትለው።

ሥራው የተሰጣት ደንጋጣ ስለነበረች ነው። ትምህርት ቤት ሳለች ለክፍሉ ልጆች ሁሉ የሰው ጆሮ ያላት ዶሮ የተሳለችበት ወረቀት አሳይተዋቸው ነበር። ሌሎቹ አዛጉ። እሷ ጮኻ ከወንበሯ ተነሣች፣ ውሃ ሰጥተው አረጋጓት። እንዲህ ዓይነት ልጅ በከተማው እየጠፋ ስለነበር ስሟ ተያዘ፣ ስታድግም ተጠራች። መጀመሪያ ላይ እውነቷን ነበር። በአንድ እትም ላይ የምትከፈት ትንሽ በር ነበረች፤ ስትከፍታት ውስጧ ሌላ በር፣ በዚያም ውስጥ ሌላ፣ የመጨረሻዋ ስትከፈት የምስር ፍሬ የምታክል አፍ «ማን ልበል?» ትላለች። ሶስና ያን ቀን አገጯ ከማሳረፊያው ወድቆ ምላሷን ነከሰች። ያፌት ይህንን ሲሰማ ዓመት ሙሉ አወራው።

ከዚያ ቀረ። ማንም አልሞተባትም፣ ማንም አልከዳትም፤ ሰው እንዲህ ሲሆን የሚጠየቀውን ምክንያት ብትጠየቅ የምትለው አልነበራትም። አንድ ቀን ተቀምጣ ገጾቹ ሲያልፉ የምታስበው ስለ ሽንኩርት መሆኑን አወቀች። ሽንኩርት ቤት ውስጥ አለ ወይስ አልቋል። መብራቱ ሳይበራ ሁለት ገጽ ብቻ ቀረ። ብሌኗ ካልሰፋ የያፌት ማተሚያ ማሽን እንደሚቆም፣ ያፌትም ከማሽኑ ሌላ በዓለም ላይ ምንም እንደሌለው ታውቃለች፤ ብታውቅም ብሌን በማወቅ አይሰፋም። እጇ ኪሷ ውስጥ ነበር። ልብስ ሰፊዋ አዲሱ ቀሚሷ ላይ ረስታው የቀረ መርፌ ነበርና ሳታስበው ጭኗ ላይ ጫነችው። መብራቱ በራ። በዚያች ቅጽበት ፊቷ የነበረው ገጽ አልጋ ላይ የተኛ ማንኪያ ነው። ማንኪያው አለፈ ተባለ።

ከዚያ ወዲህ የሚደንቃት መርፌው ነው። ክፍሉ በማቀዝቀዣ ስለሚቀዘቅዝ ይበርደኛል ብላ እጇን ኪሷ ውስጥ ማድረግ አስፈቅዳለች። ገጾቹ ሲገለጡ ትቆያለች፣ ሊያልቁ ሲሉ ትጫነዋለች፣ መብራቱ ይበራል፣ ቤቷ ትሄዳለች። ክፋት አልነበረውም። ቢያንስ ለእሷ ክፋት አይመስላትም ነበር፤ ሰውዬው ወረቀቱን አገኘ፣ እሷ ደመወዟን አገኘች፣ ጭኗ ደግሞ ቶሎ ይድናል።

ነገር ግን ያፌት አንድ የአሠራር ልማድ አለው። ያለፈውን ገጽ ቆርጦ በልብስ መቆንጠጫ ገመድ ላይ ይሰቅለዋል፣ የሚቀጥለውን እትም በሙሉ ከእሱ ያወጣዋል። «ያልታመመ ዓይን የመረጠው ነው» ይላል። ስለዚህ ከማንኪያው በኋላ የመጣው እትም የወጥ ቤት ዕቃ እንቅልፍ ሆነ፤ ሹካው ያንኮራፋል፣ ድስቱ ይቃዣል። መርፌው ከዚያ መሀል የማንቆርቆሪያውን ሕልም መረጠ፤ ሕልሙ እንፋሎት ስለነበር ቀጣዩ እትም ሁሉ እንፋሎት ሆነ፣ ፀሐይ ላይ ካልያዙት ምንም የማይታይበት ስስ ግራጫ። ከእንፋሎቱ ውስጥ አንድ የጠፋ የጣሪያ ጥግ አለፈ፤ ከጣሪያው መሰላል፣ ከመሰላሉ ወዴትም የማያደርስ አረንጓዴ ደረጃ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ያ ሰው ሽቅብ የሚወጣው የሶስናን ጭን ተከትሎ ነው። አንባቢዎቹ፣ የቀሩት ጥቂቶቹ፣ መጽሔቱ እየጠለቀ ሄዷል ይሉታል።

በዚህ ሁሉ መሀል የቀረ አንድ ነገር ነበር። ያፌት ድሮ፣ ከማንኪያው በፊት፣ ከሁሉ አብልጦ የሚወደው «ጠ» የምትባለውን ፊደል ነበር። ሦስት እግር አላት፤ ያላት ካልሲ ግን ሁለት ነው። በየእትሙ አንድ ጥግ ላይ ሆና ሦስተኛውን ካልሲ ትፈልጋለች፤ አንዴ «ሀ» ቤት ገብታ አልጋ ሥር ትጎነበሳለች፣ አንዴ እነ «መ»ን ሁለቱንም ክብ አስከፍታ ታስፈትሻለች። ያፌት ይህንን ሲስል ብቻውን እየሳቀ ጎረቤት ይሰማው ነበር። መርፌው ግን አንድም ቀን እሷ ላይ አላረፈም። «ያንቺ ዓይን አልወደዳትም» አለ አንድ ቀን ለሶስና፣ እንደ ቀልድ፤ በሚቀጥለው እትም «ጠ» የለችም። ሶስና ቤቱ የሄደች ጊዜ የ«ጠ»ን ሥዕሎች ቀለም መጥረጊያ አድርጓቸው አየች። አላዘነችም። እንደ ደነዘዘ እግር ነበር፤ መኖሩን ታውቃለች፣ ስትነካው ግን የሌላ ሰው ይመስላል።

ነገሩ የተገለጠው በአንድ ጠብታ ነው። ገጽ የሚገልጥላት ሠራተኛ አቶ ናሆም ይባላል፤ ከአዲስ አበባ ተመድቦ የመጣ፣ ጓንት የሚያጠልቅ፣ በድሬ ሙቀት እንኳ ሰውን እርስዎ ማለቱን ያልተወ ወጣት። ሶስና ከወንበሯ ስትነሣ ነጩ ቀሚሷ ላይ ያለችውን ቀይ ነጥብ አያት። ከዚያ ኪሷን አየ። ሶስና ቆመች። ሰውነቷ ለመሮጥ እንኳ አልተነሣሣም።

ናሆም ጓንቱን አወለቀ። አልተቆጣም። ሐረር ያለው ተመልካች ጉንጩን ከውስጥ እንደሚነክስ፣ ጅግጅጋ ያለችው በረዶ ጨብጣ እንደምትቀመጥ፣ ይህን የማያደርግ ተመልካች ካለ እሱ እንዳልሰማ ነገራት። መሥሪያ ቤቱም ያውቃል። ችግሩ መውጋቱ አይደለም፤ ሰው በእጁ ሲወጋ አንዴ ይበረታል፣ አንዴ ይላላል፣ ውጤቱ ወጥ አይሆንም። ስለዚህ ከሚመጣው ወር ጀምሮ አዲስ ወንበር ይገባል። ወንበሩ ራሱ ይወጋል።

«እና ገጹ ምን ያደርጋል?» አለች ሶስና።

«ገጹማ ይገለጣል።» ናሆም ጥያቄው እንግዳ ሆኖበት አያት። «ሳይገለጥማ እንዴት ይሆናል እርስዎ?»

እዚህ ላይ ነገሩ ማለቅ ይችል ነበር። ወንበሩ ይወጋል፣ እትሙ ያልፋል፣ ያፌት ደረጃውን ይስላል፤ ሶስናም መርፌ መሰካት ይቀርላታል። ግን በዚያው ሳምንት ያፌት አስጠራት።

ስትደርስ ከሰዓት ነበር፣ ፀሐይዋ የቆርቆሮውን ጣሪያ ታንጫጫዋለች። ያፌት ጠረጴዛው ላይ አረንጓዴ ደረጃዎቹን ዘርግቷል፤ የሚወርዱ፣ የሚጠመዘዙ፣ ሰውዬው ራሱ የማያውቀው ቦታ የሚገቡ። ሐኪም ዘንድ ሄዶ እንደነበር ነገራት። ቀኙም ዓይን እየተከተለ ነው፤ ግራውን ቀድደን እንይልህ ብለውት በዚህ ዕድሜዬ አይሆንም ብሏል። በቀረው ብርሃን አንድ እትም ይወጣዋል፣ ምናልባትም እሱኑ። ያን አንዱን ደግሞ በጥርጣሬ መሥራት አይፈልግም። እስከ ዛሬ ብሌንሽ ምን እንዳለ ነው የሰማሁት አላት።

«ይህን ደረጃ ስታዪ ምን ተሰማሽ?» አለ። «ብሌንሽን አይደለም፤ አንቺን ነው የምጠይቅሽ። እሱኑ ይዤ ልጨርስ።»

ሶስና ደረጃውን አየችው። ጥሩ አረንጓዴ ነው፤ ከዚያ ያለፈ ምንም አልነበረም። የሰውዬው የመጨረሻ ብርሃን እሷ ያልመረጠችው ደረጃ ላይ ሊፈስ መሆኑን ተረዳች፤ መረዳቱ ብቻውን በቂ ሆነ፣ ስሜት እስኪመጣ አልጠበቀችም። ኪሷን ገልብጣ መርፌውን አወጣችና ከሥዕሉ አጠገብ አስቀመጠችው።

«ምንም አልተሰማኝም ጋሽ ያፌት። መብራቱን የሚያበራው ይሄ ነው።»

ያፌት መርፌውን ወደ ደህናው ዓይኑ አስጠጋው። ሳይገባው ቆየ። ከዚያ አንገቱን ወደ ገመዱ አዞረ።

«ስንቱን?»

«ከማንኪያው ጀምሮ ሁሉንም።»

ተነሥቶ በገመዱ ሥር ሄደ። እያንዳንዱን ገጽ በጣቱ ነካ አደረገ፤ ማንኪያውን፣ ማንቆርቆሪያውን፣ የጣሪያውን ጥግ፣ መሰላሉን። ስለ እያንዳንዳቸው ስንት ቀን እንዳሰበ፣ ለምን ይህንን መረጠች እያለ ስንቴ እንደተገላበጠ የሚያውቀው እሱ ነው። ሲመለስ ፊቱ ላይ ተስፋ የሚመስል ነገር ነበር።

«ግን እነዚህን ለምን መረጥሽ? ሌላው ገጽ ላይ ልትወጊ ትችይ ነበር እኮ።»

«አልመረጥኳቸውም። ገጹ ሊያልቅ ሲል ነው የምወጋው። ያን ጊዜ ፊቴ ያለው እሱ ስለሆነ ነው።»

ያፌት ተቀመጠ። ሶስና መናገር የምትፈልገውን ተናገረች፤ አዲሱ ወንበር ምንም ይምጣ ምን እንደሚያሳልፍ፣ ከእንግዲህ የማንንም ዓይን መከተል እንደማያስፈልገው፣ በቀረው ብርሃን የሚወዳትን «ጠ»ን እንዲስል፣ ካልሲዋን እንዲያገኝላት። እየተናገረች ድምፅዋ ባጃጁ ውስጥ የሚለፈፈውን ማስታወቂያ እንደሚመስል ይሰማት ነበር። ያፌት እስክትጨርስ ጠበቃት።

«ሂጂ እስቲ አሁን» አለ። «ሥራ አለብኝ።»

እትሙ የመጣው ወንበሩ ከተተከለ በኋላ ነው። አዲሱ ወንበር ለስላሳ ነው፤ ቀለሙ የሕፃን አልጋ ይመስላል። ሶስና ኪሷ ባዶ ሆኖ ተቀመጠች፣ አገጯን አሳረፈች። ናሆም ጓንቱን አጥልቆ የመጀመሪያውን ገጽ ገለጠ።

ያፌት ካልሲውን ሠርቶታል። ከአንድ ረጅም ቀይ ክር ነው የሚጀምረው፤ ክሩ እውነተኛ ነው፣ ወረቀቱን በስቶ ከገጽ ገጽ ያልፋል። «ጠ» በአንድ እግሯ እያነከሰች ትከተለዋለች። ፊደሎቹ ሁሉ ወጥተው ይረዷታል፤ «ወ» ተንከባሎ መንገድ ያሳያል፣ አረጋዊው «ዐ» መነጽሩን ያውሳል፣ «ሸ» ራሱ ላይ ባለው ሰረዝ ክሩን ከፍ አድርጎ ይይዛል። አንዱ ገጽ ተተልትሎ የልብስ ማጠቢያ ሆኗል፤ ጣት ሲያስገቡበት እርጥብ ይመስላል። የመጨረሻው ሁለት ገጽ ሲገለጥ ክሩ ከመሀሉ ተነሥቶ ካልሲ ሆኖ ቆመ፤ የሕፃን እግር የምታክል፣ በእጅ የተሠራች፣ ቀይ ካልሲ። «ጠ» ሦስት እግሯን ዘርግታ ፊቷ ቁጭ ብላለች፤ ያገኘችውን ነገር አጥልቃው እንዳያልቅባት የፈራች ትመስላለች።

በሕይወቷ ካየችው ሁሉ ይህ የተሻለ እንደሆነ ሶስና አወቀች። አፏን በትንሹ ከፈተች፣ ትንፋሿን ያዘች፤ ድሮ ድንጋጤው ሲመጣባት እንዲህ እንደነበር ታስታውሳለች። ጠበቀችው። ለያፌት ብላ፣ ለዚያ ለቀረው ዓይን ብላ፣ እባክህ አለችው በልቧ። አልመጣም። በማንኪያው ቀን ሽንኩርት እንኳ የሚታሰብ ነገር ነበር፤ አሁን እሱም የለም።

ወንበሩ ቀደም ብሎ ወግቷት ነበር። የወጋት ያፌት ለማጣበቂያ ብሎ ባዶ በተወው ገጽ ላይ ነው። መብራቱም ያኔ ከመቼውም ይልቅ ደምቆ በርቶ ነበር፤ ናሆም እንዲህ ዓይነት ውጤት በዞኑ ታይቶ እንደማይታወቅ፣ ባዶው ገጽ ለሌሎች መጽሔቶች አርአያ ተደርጎ እንደሚላክ ነገራት። እንኳን ደስ ያለዎት አላት። እሺ አለች።

ያፌት ውጭ በጽሕፈት ቤቱ ደረጃ አፍ ላይ ካለው አግዳሚ ተቀምጦ ይጠብቃት ነበር። ወደዚህ ሕንጻ ከመጣ ዓመታት አልፈውታል። በእግሯ ድምፅ አወቃት።

«አለፈ?»

«አለፈ።»

«እሱንማ ወንበሩ ያሳልፈዋል። አንቺስ?»

መዋሸት ቀላል ነበር፤ ውሸቱን የሚለካ መብራት እዚህ የለም። አጠገቡ ቆማ ትንሽ አሰበች፣ ከዚያ ይህን ሰው አንድ ጊዜ እንኳ እውነቱን ይዞ እንዲሄድ ወሰነች።

«ምንም ጋሽ ያፌት። በጣም ቆንጆ ነው፣ አይቻለሁ። ግን ፈልጌ አጣሁት።»

ያፌት እንደማይከፋው ሰው ራሱን ነቀነቀ፤ ባቡሩ ቀረ የተባለ ይመስል። ተነሥቶ እጁን ትከሻዋ ላይ አደረገ፣ መውረድ ጀመሩ።

«እኔም ጠብቄው ነበር» አለ። «ስጀምረው ይመጣል ብዬ። ድሮ ያችን ሦስት እግር ገና ሳስባት ሆዴን ይዤ እስቅ ነበር፣ ታስታውሻለሽ? አሁን እንዴት እንደምትሳል አውቃለሁ። ለምን እንደምታስቅ ግን ጠፋኝ። እጄ ሠራ፣ ጨረሰ፣ እኔ አጠገቡ ተቀምጬ አየሁት።» አንድ ደረጃ ወረደ። «ያንቺን ስከተል ኖሬ የኔን የት እንደጣልኩት እንጃ።»

በቁጣ አልተናገረውም። ዕቃው የት እንዳለ የሚያስብ ሰው ነበር የሚመስለው፣ ዕቃውም ያን ያህል የሚያስፈልግ አልነበረም።

ሶስና ደነገጠች። ከእግሯ ጥፍር ተነሥቶ ወጣ፤ ጆሮዋ ጮኸ፣ ብሌኗ ሰፍቶ ዓይኗ ሰውዬው ላይ ቀረ። ዘጠኝ ዓመት ሲጠበቅ የነበረው ይህ ነበር። ያፌት ግን ቀጣዩን ደረጃ በእግሩ እየዳበሰ ስለነበር ቀና ብሎ አላያትም።